መሬቱ የሄደበት ኩርባ

ወሎ ሰፈር ባለ አንድ ሆቴል በእንግዳ ተቀባይነት መሥራት በጀመርኩ በስምንተኛው ዓመት የመግቢያው ደረጃ ፈርሶ እንደ አዲስ ተሠራ። የቀድሞው ሴራሚክ ዝናብ ሲነካው ያንሸራትት ስለነበር ባለቤቱ በተፈጥሮ ድንጋይ ይነጠፍ ብሎ አዘዘ። ወደ ቢጫ የሚያደላ ግራጫ ድንጋይ ተጭኖ መጣ። ሁለት ቀን ሙሉ ሠራተኞቹ ድንጋይ ሲቆርጡ፣ እኔ ስለ አቧራውና ስለ ጩኸቱ እንግዶችን ይቅርታ ስጠይቅ ዋልኩ።

በሦስተኛው ቀን ጠዋት ከታክሲ ወርጄ ስገባ ደረጃው ታጥቦ ገና አልደረቀም ነበር። ድንጋይ ሲረጥብ ሆዱ ውስጥ ያለው ሁሉ ይታያል። አራተኛው እርከን ላይ የአውራ ጣት ጥፍር የምታክል፣ ከአንድ ጫፍ ተነስተው እንደ ማራገቢያ የሚከፈቱ መስመሮች ያሏት ነገር አየሁ። ጎንበስ ብዬ በጥፍሬ ፋቅኳት። አልለቀቀችም። ላዩ ላይ የተለጠፈች ሳትሆን ድንጋዩ ውስጥ ያለች ነበረች።

«ምንድን ናት ይቺ?» አልኩት መሮ የያዘውን ሠራተኛ።

«ዛጎል ናት» አለኝ ቀና ሳይል። «ሞልቷል እኮ። አንዳንዱ ባለ ሕንፃ እድፍ ነው፣ ቀይሩልኝ ይላል። ያኔ ገልብጠን እናስገባዋለን።»

«ዛጎል የባሕር አይደል እንዴ? ድንጋዩ ከየት ነው የመጣው?»

«ከዓባይ በረሃ።»

የዓባይን ሸለቆ ሰው ሁሉ በረሃ ነው የሚለው፤ ከደጋው ብርድ ተነስተው ቁልቁል ሲወርዱ ሙቀቱ አፍ ያደርቃል። እኔ በሕይወቴ አንድ ጊዜ፣ ያውም አውቶቡስ ውስጥ ተኝቼ ነው ያለፍኩበት። ያን ቀን ግን ሥራዬን እየተውኩ ሦስት ጊዜ ወጥቼ ዛጎሏን አየኋት። የባሕር እንስሳ ከደጋ አገር ገደል ውስጥ ምን ወሰዳት? ወንዝ ያመጣት እንዳልል፣ ወንዙ ወደ ባሕር ይሄዳል እንጂ ከባሕር አይመጣም።

ከሥራ ስመለስ የምጠይቀው ሰው ነበረኝ። አባቴ እናቴ ከሞተች ጀምሮ ከእኔ ጋር ሰሚት ኮንዶሚኒየም ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው የሚኖረው። ወሎ ተወልዶ ዕድሜውን በከባድ መኪና መሪ ላይ የጨረሰ ሰው ነው። ስለ አሰብ መንገድ ብትጠይቁት፣ ስለ ጣርማ በር ጭጋግ ብትጠይቁት፣ የቀዳችሁለት ሻይ እስኪቀዘቅዝ ያወራል። ዓባይ በረሃን አሥር ዓመት ተመላልሶበታል። ስለዚያ መንገድ ግን ሲያወራ ሰምቼው አላውቅም።

«አባዬ፣ ዓባይ በረሃ ድንጋይ ውስጥ የባሕር ዛጎል አለ አሉ። አይተህ ታውቃለህ?»

«እኔ እዚያ የማየው መንገዱን ነበር» አለና ሪሞቱን አንስቶ የቴሌቪዥኑን ድምፅ ጨመረ።

ነገሩን ትቼው ነበር። ከሳምንታት በኋላ ሆቴላችን ውስጥ ስለ መንገድ ሥራ የሁለት ቀን ስብሰባ ተደረገ። በሻይ ሰዓት በመስታወቱ ወደ ውጭ ሳይ፣ ሃምሳ ዓመት የሚሆናት ሴት ደረጃው ላይ ቁጢጥ ብላለች። የወደቀች መስሎኝ ሮጥኩ።

«ተጎዱ እንዴ?»

«ኧረ ደህና ነኝ» አለች። ጣቷ ዛጎሏ ላይ ነበር። «ትናንት ይቺን ረግጬ ነው የገባሁት፤ አላየኋትም።»

እኔ ብቻ አለመሆኔን ሳውቅ ደስ አለኝ። ጂኦሎጂ የምታስተምር ዶክተር ነበረች። ለሳምንታት የያዝኩትን ጥያቄ አንድ በአንድ ስደረድርላት ሳቀችና ወደ ውስጥ ተከትላኝ ገባች። ከልብስ ማጠቢያ የመጡ ፎጣዎች ዴስኬ ላይ ተከምረው ነበር። ጠየቀችኝና አንዱን ቡናማ ፎጣ ዘረጋች።

«ይሄ አሸዋ ነው፤ የጥንት ወንዞች ያነጠፉት። ከዚያ ባሕር መጣ። መጀመሪያ ጥልቀት አልነበረውም፤ ይመጣል፣ ይደርቃል። ሲደርቅ ጄሶ ትቶ ይሄዳል። ግድግዳ የሚለሰንበትን ጄሶ ማለቴ ነው።» ነጭ ፎጣ ደረበች። «ኋላ ባሕሩ ጠልቆ ብዙ ዘመን ቆየ። የሞቱት ዛጎሎች ከሥሩ እየተከመሩ የኖራ ድንጋይ ሆኑ። የእናንተ ደረጃ የተቆረጠው ከዚህ ነው።» ሌላ ፎጣ ደረበች። «ባሕሩ ሲሄድ እንደገና አሸዋ። ከዚያ፣ ከሠላሳ ሚሊዮን ዓመት በፊት ገደማ፣ መሬት ተሰነጠቀና የቀለጠ ድንጋይ ፈስሶ አገሩን አለበሰው።» ወንበሬ ላይ የነበረውን ጥቁር ሹራቤን አንስታ ከሁሉም በላይ አነጠፈችው።

«ወንዙስ?»

«ወንዙ ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው የመጣው። ይህን ሁሉ ቆርጦ ወርዷል።»

«ውሃ? ይህን ሁሉ ድንጋይ?»

«ውሃ ብቻውን አይቆርጥም። ዓባይን በክረምት አይተሽዋል? አሸዋና ጠጠር ተሸክሞ ነው የሚወርደው። ብርጭቆ ወረቀት ነው በይው፤ ቀንና ሌሊት የሚፍቅ። ደግሞ ደጋው ራሱ ዝም ብሎ አልተቀመጠም፤ ከሥሩ እየተገፋ ከፍ ብሏል። ቢላዋውን እንደያዝሽ ዳቦውን ከታች ወደ ላይ ብትገፊው ይቆረጥ የለም? እንደዚያ ነው።»

አንድ እንግዳ የክፍል ቁልፍ ይዞ መጣና ፎጣዎቹንና ሹራቤን እያየ ቆመ። እሱን እየሸኘሁ፣ ነገር ለመጨመር ያህል፣ «አባቴ እዚያ መንገድ አሥር ዓመት ነድቷል» አልኳት።

ሴትዮዋ የያዘችውን ፎጣ አስቀመጠች። «በሕይወት አሉ?»

«አለ። ከእኔ ጋር ነው የሚኖረው።»

«የድሮ ሾፌሮችን መፈለግ ከጀመርኩ ቆየሁ። መሬት የተንሸራተተባቸው ቦታዎች ወረቀት ላይ የሰፈሩት የቅርቦቹ ናቸው። የድሮውን የሚያውቁት የነዱበት ሰዎች ብቻ ናቸው። ታገናኚኛለሽ?»

አባቴ ግን አሻፈረኝ አለ። «የምነግራት የለኝም። ያን መንገድ ትቼዋለሁ።»

ለምን እንደተወው አላውቅም ነበር። የማስታውሰው ልጅ ሳለሁ አንድ ክረምት ያለ መኪናው ወደ ቤት መምጣቱን ነው። በወትሮው ሻንጣውን ይዞ ከጋቢና ሲወርድ፣ ረዳቱ ጥሩንባ እየነፋ ይሰናበተው ነበር። ያን ቀን በእግሩ፣ በጭቃ ተለውሶ መጣ። ከዚያ ወራት ቤት ተቀመጠ። እናቴ «አባታችሁን ስለ ሥራ አትጠይቁት» አለችን፤ አልጠየቅነውም። በዓመቱ ደሴ መስመር ላይ ሥራ አገኘ፤ እስኪያረጅም ከዚያ መስመር አልወጣም።

ዶክተሯ በስልክ ስትደውል እምቢታውን በደንብ አድርጌ አልነገርኳትም። እሑድ ከሰዓት ብርቱካን ይዛ መጣች። አባቴ የወሎ ሰው ነው፤ ደጁ የደረሰ እንግዳ አይመልስም። ነጭ ኮፍያውን አስተካክሎ ተቀበላት፣ ፊቱ ግን እንደተቋጠረ ነበር።

ስለ አደጋ አልጠየቀችውም። «አባባ፣ እርስዎ በክረምት ሲነዱ የት የት ጋ ነበር ልብዎ የሚፈራው?» አለችው።

እንዲህ ዓይነት ጥያቄ የጠበቀ አይመስለኝም። ከወንበሩ ተነሳ። ከዚያ ያለፈ ዓመት የቀን መቁጠሪያ ከግድግዳ አውርዶ ገለበጠና እስክሪብቶ ጠየቀኝ። ከጎሐ ፅዮን ጀምሮ ቁልቁል መንገዱን እየሳለ ወረደ። ኩርባው ሁሉ ሾፌሮች ያወጡለት ስም ነበረው። ይሄ ጋ ጠጠር ይዘንባል፤ ይሄ ጋ አስፋልቱ በየዓመቱ ይሰምጣል፤ ይሄ ጋ ከክረምት በኋላ ማርሽ ሳትቀይር ማለፍ አትችልም። እሷ ማስታወሻዋ ላይ እየጻፈች፣ እኔ ብርቱካን መላጥ ረስቼ፣ አባቴን እንደ አዲስ ሰው አየሁት።

«ምላስ» ብሎ የጠራት ኩርባ ላይ ሲደርስ እስክሪብቶው ቆመ።

«እዚህ ጋ መሬቱ ሄደ» አለ።

«እንዴት ሄደ?»

ቀና ብሎ አያት። የምትስቅ መሆን አለመሆኗን የሚያጣራ ይመስል ነበር። ከዚያ ነገራት፤ እኔም ያኔ ገና ሰማሁት። ሐምሌ ነበር፤ ማዳበሪያ ጭኖ ወደ ጎጃም እየወረደ ነው። ለቀናት ዘንቧል። ከሰዓት በኋላ ምላስ ጋ ሲደርስ አስፋልቱ ላይ ስንጥቅ አየ፤ ጠዋት ያለፉት ሾፌሮች አልነገሩትም ነበር። መኪናውን አቆመ፣ ረዳቱ ጎማው ሥር ታኮ አደረገ። ከተሳቢ ጋር ወደ ኋላ መመለስ አይቻልም። ስለዚህ ከኋላ የሚመጡትን ለማስቆም ሁለቱም በእግር ሽቅብ ወጡ።

«ሁለት መቶ እርምጃ ያህል ሄደናል» አለ አባቴ። «የሰማሁት ድምፅ ትልቅ አልነበረም። ብዙ ሰው አንድ ላይ ሲያንሾካሹክ ነው የሚመስለው። ዞር ስል መኪናዬ ቆሞ እየወረደ ነው። አልተገለበጠም። ቆሞ፣ ከነመሬቱ፣ ከነዛፉ ወረደ። የመንገዱ ግማሽ አብሮ ሄደ። ግማሹ ቀረ።»

ማንም አልሞተም። ለፖሊስ «መሬቱ ሄደ» ብሎ ቃሉን ሰጠ። ፖሊሱ ሳቀ። የመኪናው ባለቤት ደግሞ ሰክሮ ዳር ይዞ ሲነዳ ጠርዙን ሰብሮት ነው አለ። «መሬቱ መኪናውን አልወሰደም፤ መኪናው ነው መሬቱን ያፈረሰው» ተባለ። ረዳቱ ለእንጀራው ፈርቶ አላየሁም አለ።

«ሰክሮ ነው አሉኝ» አለ አባቴ። «ወላሂ መጠጥ በአፌ ዞሮ አያውቅም።»

ዶክተሯ ማስታወሻዋን ዘጋች። «ስንጥቁ ቀጥ ያለ ነበር ወይስ እንደ ማጭድ የጎበጠ?»

«የጎበጠ ነው።» እጁ በአየር ላይ ማጭድ ሠራ።

«ከመንገዱ በታች ዛፎቹ አዘንብለው ነበር?»

«ወደ ተራራው ነበር ያዘነበሉት። እኔም ገርሞኝ ነበር።»

«ከሥር ድፍርስ ውሃ ይወጣ ነበር?»

አባቴ ወንበሩ ጫፍ ላይ መጣ። «ይህን ማን ነገረሽ?»

እስከዚያ ድረስ «እርስዎ» ሲላት የነበረው ሰው አንቺ ማለቱን ራሱም ያወቀ አልመሰለኝም። «ማንም አልነገረኝም» አለችው። «መሬት ሲሄድ እንዲያ ነው የሚሄደው።»

ያኔ መንገዱ ገና ሰላም ስለነበር ቦታውን ሄደን ለማየት ተስማማን። ጥቅምት መጨረሻ ላይ፣ ክረምቱ ካለፈ በኋላ፣ በዶክተሯ መኪና ሦስታችን ሄድን። ፍቼን እስክናልፍ አባቴ ሲያወራ ነበር። ጎሐ ፅዮን ስንደርስ መስኮቱን ከፍቶ ወደ ፊት አሻግሮ ማየት ጀመረ። ሜዳው ድንገት አለቀና ከፊታችን ሰማይ ብቻ ቀረ። ማዶ የጎጃም ደጋ ጠርዝ ልክ እኛ በቆምንበት ከፍታ ተዘርግቶ ይታያል። ቀድሞ አንድ ሜዳ እንደነበሩ ማንም ሳይነግረኝ ገባኝ፤ በመሃሉ ያለው ሁሉ የጠፋ ነገር ነው።

ቁልቁል ስንወርድ ዶክተሯ ልክ ፎጣውን እንደገለጠ ሰው ድርብርቡን እያሳየችን ሄደች። ጥቁሩ ድንጋይ አለቀ፣ አሸዋማው መጣ፣ ቀጥሎ የኖራ ድንጋይ። አንድ ቦታ አስቁሜያት ወረድኩና ገደሉ ላይ እጄን አሳረፍኩ። ዛጎል በዛጎል ነው። አንዳንዱ የተሰበረ፣ አንዳንዱ ሙሉ። አባቴ ጎኔ ቆሞ አየና፣ «እዚህ ጋ ስንት ጊዜ ውሃ ለራዲያተር ቀድቻለሁ መሰለሽ» አለኝ።

ምላስን ከእኛ ቀድሞ ያወቃት እሱ ነው። አሁን መንገዱ ወደ ተራራው ተገፍቶ እንደ አዲስ ተሠርቷል። አባቴ የመንገዱን የድንጋይ አጥር ተደግፎ ቁልቁል አየ። ከእኛ ብዙ ሜትር በታች፣ ቁጥቋጦ መሃል፣ የአሮጌ አስፋልት ቁራጭ ወደ ተራራው አዘንብሎ ተቀምጧል። መሃሉን ሣር ሰንጥቆት ወጥቷል።

«ይኸው» አለ። «ይኸው መንገዴ።»

ዶክተሯ ግን ወደ ታች ሳይሆን ወደ ጎንና ወደ ላይ እንድናይ ጠቆመችን። ከመንገዱ በላይ ጀምሮ ተራራው ላይ ትልቅ የማጭድ ቅርጽ ያለው ቁርጥ አለ፤ በግራም በቀኝም ከምናየው ኩርባ አልፎ ይሄዳል። ካልተነገራችሁ ተራ ገደል ነው የሚመስላችሁ።

«አባባ፣ ከዚያ እስከዚያ ያለው ሁሉ ነው አንድ ላይ የሄደው። ይህን አንድ መኪና አያፈርሰውም። መቶ መኪናም አያፈርሰውም።»

አባቴ ከጫፍ እስከ ጫፍ በዓይኑ ለካው። ደግሞ ለካው።

«ምን ነካው ታዲያ?» አላት።

«ወንዙ ነው» አለችው፣ ከሩቅ ታች እንደ ክር የሚታየውን እያመለከተች። «ወንዙ ብቻውን ቢቆርጥ ኖሮ ዓባይ ጠባብ ስንጥቅ ይሆን ነበር፤ እንዲህ አይሰፋም። ወንዙ ከታች ሲቆርጥ ጎኑ ድጋፍ ያጣል። ክረምት ሲመጣ ዝናቡ በስንጥቁ ይገባል፤ ውስጥ ያለው ሸክላና ጄሶ ይረጥብና እንደ ሳሙና ይሆናል። ከላይ ያለው ይንሸራተታል። ወንዙ የመጣለትን ጠርጎ ይወስድና እንደገና ይቆርጣል። ሸለቆው የተሠራው እንዲህ ነው፣ አሁንም እየተሠራ ነው። እርስዎ ሲሠራ አይተውታል። እኔ ይህን ሁሉ ዘመን አጥንቼው፣ ሲሄድ በዓይኔ አይቼ አላውቅም።»

አባቴ አጥሩ ላይ ቁጭ ብሎ ፊቱን በጋቢው ጫፍ ጠረገ። እኔም አጠገቡ ቁጭ አልኩ። እናቴ ይህን ሳትሰማ መሞቷ ቆጨኝ። ከኋላችን የጭነት መኪናዎች በከባድ ማርሽ እያቃሰቱ ይወርዳሉ፤ አንዱ ሾፌር ጥሩንባ ነፋልን፣ አባቴ ሳያስበው እጁን አነሳለት።

ታች የወንዙ ድልድይ ጋ ስንደርስ ሙቀቱ ፊት ላይ ይመታል። አባቴ ዱላውን ይዞ እስከ ውሃው ወረደ፤ እጁንና ፊቱን እየታጠበ ለዙህር ሰላት ዉዱእ አደረገ። ውሃው ክረምቱ ካለፈም በኋላ ቡናማ ነበር። ሰግዶ ሲጨርስ መዳፉን ዘርግቶ አሳየኝ፤ ደርቆ ደቃቅ አሸዋ ቀርቶበታል።

«ከላይ እስከ ታች የጎደለው ሁሉ የት ሄደ?» አልኳት ዶክተሯን። ከጎሐ ፅዮን ጀምሮ ይዤው የመጣሁት ጥያቄ ነበር።

«ሱዳን ሜዳ ላይ አለ። ግብፅ አለ። የቀረው ባሕር ውስጥ ነው።»

አባቴ ይህን ሲሰማ፣ ከጠዋት ጀምሮ ለመጀመሪያ ጊዜ ሳቀ። «የእኔንም ማዳበሪያ ግብፆች ዘርተውበታላ!»

ከዚያ በኋላ የሆነው ቀላል ነው። ዶክተሯ የሸለቆውን ካርታ ስትሠራ ምላስን በሾፌሮቹ ስም አስገባችው፤ ዓመቱንና ወሩንም አባቴ በነገራት መሠረት ጻፈች። አንድ ቅጂ አምጥታ ሰጠችው። ለማን እንደሚያሳየው ስጠብቅ፣ ለማንም ሳያሳይ አጣጥፎ ሣጥኑ ውስጥ አስቀመጠው። የመኪናው ባለቤት ከሞተ ቆይቷል፤ ፖሊሱ የት እንዳለ አናውቅም።

በዓመቱ ተማሪዎቿን ይዛ ስትሄድ እንዲመጣላት ለመነችው። ያለ እኔ ሄደ። ሲመለስ ከሳሊተ ምሕረት እስከ ሰሚት መንገዱ ተዘግቶ ስለነበር ደክሞት ገባ፤ ጫማውን ሳያወልቅ ሶፋው ላይ ተቀመጠ። ምን ጠየቁህ አልኩት።

«አንዲት ልጅ፣ መሬቱ ሲሄድ ፈርተው ነበር ወይ አለችኝ።»

«ምን አልካት?»

«መሬቱን ለመፍራት ጊዜ አላገኘሁም አልኳት። የፈራሁት ቤት ገብቼ ለእናትሽ ምን እንደምላት ነው።» ጎንበስ ብሎ የጫማውን ክር መፍታት ጀመረ። «ጎበዝ ልጆች ናቸው። ማዶ በደጀን በኩል ያለውን ደግሞ ታኅሣሥ ላይ እናያለን ብለውኛል። እዚያ የማላውቀው ድንጋይ አለ አሉ።»